የባለ ነጋሪቱ ልጆች የበዙበት ድረ ገጽ

አባቴ፣ ነፍሱን ይማርና፣ ዘር ቆጣሪ ነበር። በእስቴም በጋይንትም ልጁን ሊድር ያሰበ ሰው ሽማግሌ ከመላኩ በፊት እሱ ዘንድ ይመጣና ከአጥሩ ሥር ቁጭ ይላል። «የእገሌ ልጅ ከእገሌ ልጅ ጋር ስንት ቤት ነው?» ብሎ ይጠይቃል። አባቴ ዓይኑን ጨፈን ያደርግና ከልጁ ወደ አባቱ፣ ከአባቱ ወደ አያቱ፣ ከአያቱ ወደ ቅድመ አያቱ ይወጣል። በሌላው በኩል ደግሞ እንደዚያው። ሰባት ቤት ከሞላ ልጆቹ ይጋባሉ። ካልሞላ ሰውየው ዱላውን አንሥቶ ይሄዳል፤ ልጁ ምን ቢያለቅስ፣ ልጅቱ ምን ብታኮርፍ፣ ነገሩ እዚያው ያልቃል። ዘመድ ከዘመድ አይጋባማ።

እኔ ከልጆቹ ሁሉ ወሬ ወዳዷ ስለነበርሁ ከአጠገቡ አልጠፋም። ሌላው ሰው የሚሰማው ቁጥሩን ነው፤ እኔ የምጠብቀው አባቴ በየመሃሉ ጣል የሚያደርጋትን ነገር ነበር። «ይኼኛው ሁለት ሚስት ነበረው፤ ሁለቱ ተስማምተው እሱን አባረሩት» ይላል። «ይቺ ደግሞ ከነፍስ አባቷ ተጣልታ ዓመት ሙሉ በእሳቸው መንደር ስታልፍ ፊቷን በነጠላዋ ሸፍና ነበር የምትሄድ» ይላል። እንዲህ ሆኜ አድጌ፣ ኋላ ድረ ገጽ የሚባለው ነገር ሲመጣ ሰው ሁሉ ተአምር ሲለው እኔን ብዙም አልደነቀኝ። ከአንዱ ስም ዘሎ ሌላው ስም ላይ ማረፍ አባቴ ዓይኑን ጨፍኖ የሚሠራው ሥራ ነው።

በእስቴ ከተማ በመካነ ኢየሱስ፣ ከመናኸሪያው አለፍ ብሎ ጽሕፈትና ፎቶ ኮፒ ቤት አለኝ። ትምህርቴን ከስምንተኛ ክፍል ነው ያቆምሁት፤ ድረ ገጽ ያስተማረኝ ሰውም የለም። ያስተማረኝ የራሴው ጠባይ ነው፤ የሰው ጓዳ ማየት እወዳለሁ። በአገራችን እንግዳ ሆናችሁ ሄዳችሁ ጓዳ ዘው ብትሉ ስማችሁ ጠፋ። ኢንተርኔት ላይ ግን የማንንም ገጽ ከፍታችሁ ማውሱን በቀኝ በኩል ጫን ስትሉት «የገጹን ምንጭ አሳይ» የሚል ነገር በእንግሊዝኛ ይመጣል። እሱን መንካት ነው፤ ጓዳው ወለል ይላል። ባለቤቱ አያኮርፍ፣ «ምን ፈለግሽ?» አይል።

ጓዳው ውስጥ ያየሁት ነገር ግን አሳቀኝ። ፊት ለፊት ቀለምና ሥዕል የነበረው ገጽ ከኋላው ሲታይ ጽሑፍ ብቻ ነው። ጽሑፉ መሃል በማዕዘን ምልክት የታጠረ ትእዛዝ አለ። ይኼን ቃል አድምቀው፣ ይኼን ሥዕል ከዚያ አምጣው፣ ይኼን የነካ ሰው ወደዚያኛው ገጽ ይሂድ ይላል። ገጹ የተቀመጠው የትም አገር ባለ ኮምፒውተር ላይ ነው። እኛ ስንጠራው ትእዛዙን ብቻ ይልክልናል፤ ድግሱን የሚደግሰው እኛው ቤት ያለው ገጽ መክፈቻ፣ ብራውዘር የሚሉት ነው። እንዲያ ከሆነማ እኔስ ትእዛዝ መጻፍ ያቅተኛል? ሁለት ታናናሽ ወንድሞች አሳድጌያለሁ።

እናም የአባቴን ቆጠራ ጻፍሁት። አባቴ እየቆጠረ፣ እኔ እየጻፍሁ። ለያንዳንዱ ሰው አንድ ገጽ። ከላይ ስሙ፣ ከሥሩ አንዲት ወሬ፣ ከዚያ የአባቱ ስምና የልጆቹ ስም። የአባቱን ስም ስትነኩት ወደ አባቱ ገጽ ትወጣላችሁ፤ የልጁን ስትነኩት ትወርዳላችሁ። ሊንክ የሚሉት እሱን ነው።

የመጀመሪያው ጊዜ መከራ ነበር። የግዕዝ ፊደል ያልተጫነበት ኮምፒውተር ገጹን ሲከፍተው ከፊደል ፈንታ ባዶ ሣጥን ብቻ በሰልፍ ያወጣል። ባሕር ዳር ያለው ታላቅ ወንድሜ (ያኔ እዚያ ነበር የሚሠራ) ደወለልኝና «እኅት ዓለም፣ አባቶቻችንን ከፈትኋቸው» አለኝ። «እሺ፣ እንዴት ናቸው?» ስለው «ሁሉም ሣጥን ውስጥ ናቸው። መቸም ከሞቱ ቆይተዋል» ብሎ ሳቀብኝ። ፎቶ ማስገባት ደግሞ ሌላ ጣጣ ነበር። መስመሩ ደካማ ስለሆነ ፎቶው ከላይ ወደ ታች እንደ ማር ነበር የሚወርድ። የአባቴን ፎቶ የከፈተ ሰው መጀመሪያ ባርኔጣውን ያያል፤ ቆይቶ ግንባሩን፤ አፍንጫው ላይ ሲደርስ መስመሩ ይቋረጣል። ደብረ ታቦር ያሉ ዘመዶቻችን አባቴ ጢም እንዳለው ያወቁት ለቅሶው ላይ ነው እያልሁ እቀልዳለሁ።

እንግዲህ ባለ ነጋሪቱን ላስተዋውቃችሁ። የዚህ አገር ትልቅ ሰው የነበሩ፣ በድሮ ዘመን ነጋሪት እያስመቱ የሚሄዱ፣ ከጋይንት እስከ ስማዳ መሬት የነበራቸው የአባቴ ቅድመ አያት ናቸው። እኛ የእሳቸው ዘር የሆንነው በአንዲት ሴት ልጃቸው በኩል ነው። አባቴ ይኼን ሲናገር ድምፁ ዝቅ ይል ነበር፤ በመሃል አንድ ያልነገረን ነገር ሳይኖር አይቀርም። እኔ ግን ኮራሁባቸው። ያኔ ፋሽኑ ጽሑፍ ማንቀሳቀስ ነበርና ስማቸውን በቀይ ጽፌ ከገጹ ቀኝ ወደ ገጹ ግራ እንዲሮጥ አደረግሁት። አባቴን ጠርቼ አሳየሁት። መነጽሩን አድርጎ ቆይቶ አየና «እኒህ ሰው ንጉሥ ሲጠራቸው እንኳ አልሮጡም። አንቺ ምን አድርገውሽ ነው የምታስሮጫቸው?» አለኝ። አስቆምኋቸው።

ከዚያ ዘመኑ እየተለወጠ ሄደ። ያለቀለት መልክ ተሠርቶ መጣ፤ እኔ ስሙን ብቻ ማስገባት ሆነ ሥራዬ። ቀጥሎ ሰው ሁሉ ስልክ ያዘ። ለኮምፒውተር የተሰፋው ገጽ ለስልክ ሰፋበት፤ ሰው የአያቱን ስም ለማንበብ በአውራ ጣቱ ወደ ግራ ወደ ቀኝ ሲጎትት ይውላል። እንደ ስክሪኑ የሚጠብና የሚሰፋ አድርጌ እንደገና ሠራሁት። አባቴ ካረፈ በኋላ ግን ዘሩን ሊያስቆጥር የሚመጣው ሰው እኔ ላይ ወደቀ። ፎቶ ኮፒ ላንሣ ወይስ የሰው አያት ላንሣ? መላ መታሁ። ገጹ ላይ «ዘመድ ጨምር» የሚል ቁልፍ አደረግሁበት። በስልኩ የተመዘገበ ሁሉ የራሱን ሰው ራሱ ይጻፍ።

የድሮው ድረ ገጽ እንደ ስብከት ነበር፤ አንዱ ይናገራል፣ ሌላው ይሰማል። ያቺን ቁልፍ ካስገባሁ ወዲያ የእኔ ገጽ ጠላ ቤት ሆነ።

መቸም የእኛን አገር ሰው ታውቁት የለ? የአባቱን ስም ብቻ ጽፎ የሚተኛ አለ እንዴ? ሁሉም እየወጣ፣ እየወጣ፣ ባለ ነጋሪቱ ላይ ይደርሳል። ከባለ ነጋሪቱ ወዲያ ማዶ ማንም አይሄድም፤ ከእሳቸው ወዲህም ማንም አይቆምም። የጋይንቱ የእሳቸው ልጅ፣ የስማዳው የእሳቸው ልጅ፣ ከአርብ ገበያ በአህያ ምስር ጭኖ የሚመጣው ሁሉ የእሳቸው ልጅ። በዚያ ላይ የፍለጋው ነገር አለ። ኢንተርኔት ላይ ፍለጋ የሚባለው ብዙ ሰው የጠቆመውን ገጽ ነው ከፊት የሚያወጣ። ብዙ ሰው ወደ ባለ ነጋሪቱ ሊንክ ባሰረ ቁጥር ባለ ነጋሪቱ ወደ ፊት ይወጣሉ፤ ወደ ፊት በወጡ ቁጥር ሌላው አይቶ «እኔም እኮ» ይላል። የአገራችንን ስም ጽፎ የፈለገ ሰው ከወንዙም ከተራራውም በፊት እሳቸውን ማግኘት ጀመረ።

የአባቴ እህት የሆነች አክስት አለችን፤ አሮጊት ናት፣ ምላሷ ግን አላረጀም። አንድ ቀን ሱቄ ቁጭ ብላ የልጆቻቸውን ዝርዝር አነበብሁላት። ጎትቼ ጎትቼ አልጨርስ ስል አቋረጠችኝ።

«ቆይ አንቺ፣ ይኼ ሁሉ የእኒህ ሰውዬ ልጅ ነው?»

«ነው ይላሉ፣ እቴቴ።»

«ታዲያ ነጋሪቱን የሚመቱት መቼ ነበር?»

ስቄ ስቄ ወረቀቱ ማሽኑ ውስጥ ተቀረቀረብኝ።

ሳቁ ወደ እኛው ቤት የዞረው በታላቅ ወንድሜ ልጅ ነው። ወንድሜ ከባሕር ዳር ተመልሶ እዚሁ መካነ ኢየሱስ ከገባ ቆይቷል፤ ልጁ ጤና ጣቢያ ነርስ ናት። አንድ የስማዳ ልጅ ደግሞ የእንስሳት ጤና ባለሙያ ሆኖ እስቴ ተመድቦ መጣ። የወንድሜን በሬዎች ሊከትብ መጥቶ አንደኛው በሬ ሲራገጥበት ገመዱን ይዛ ያዳነችው እሷ ናት። ከዚያ ወዲያ የወንድሜ ከብቶች በአገሩ ካሉት ከብቶች ሁሉ አብዝተው ተመረመሩ። ላሚቱ ብታስነጥስ ሐኪሙ ይመጣል። እኛ ሴቶቹ ገብቶናል፤ ወንድሜ ብቻ «ይኼ ልጅ ሥራውን እንዴት ይወዳል!» ይላል።

ሽማግሌ የመጣው እሑድ ጧት ከቅዳሴ በኋላ ነበር። በእኛ ደንብ ሽማግሌ ለትዳር ሲመጣ ጉዳዩ ሳይሰማ አይቀመጥም፤ ከደጃፉ ይቆማል። የልጁ አያት ራሳቸው ከስማዳ ድረስ መጥተው ከፊት ቆመዋል። ልጁን አባቱ ሞቶበት እሳቸው ናቸው ያሳደጉት። ጋቢያቸው ነጭ፣ ጭራቸው በእጃቸው፣ አቋቋማቸው የቀኝ አዝማች ነው። እኔ፣ አክስቴና ልጅቱ ከመጋረጃው ኋላ ተሰልፈናል።

«እንግዲህ የመጣነው» አሉ አያትየው፣ «ልጃችሁን ለልጃችን ፈልገን ነው። ልጁ ጨዋ ነው፣ የተማረ ነው። ቤታችንም የታወቀ ነው። የባለ ነጋሪቱ ዘር ከየትም አያገባም፤ ከደኅና ቤት ነው የሚያገባ።»

ወንድሜ ቀና አለ። «የማን ዘር አሉኝ አባቴ?»

«የባለ ነጋሪቱ!» አሉና ጭራቸውን አወናጨፉት።

አክስቴ በክርኗ ጎሸመችኝ። ወንድሜ ከኪሱ ስልኩን አወጣ። ድሮ ገጼን ሲያይ ሣጥን ሣጥን እያለ የሚያሾፍብኝ ሰውዬ አሁን ከእኔ በላይ ያውቀዋል። ከልጁ ስም ጀመረ። ነካ፤ ወደ አባቱ ወጣ። ነካ፤ ወደ አያቱ ወጣ። አያትየው ከነጭራቸው ፎቷቸው ብቅ አለ፤ ሽማግሎቹ አንገታቸውን አስግገው አዩና «እርስዎ ነዎት!» አሏቸው። ደስ አላቸው። ወንድሜ መንካቱን ቀጠለ፤ ባለ ነጋሪቱ ላይ ደረሰ። ከዚያ ከገዛ ልጁ ጀምሮ በእኛ በኩል ወጣ። እዚያው ባለ ነጋሪቱ ላይ ደረሰ።

«ከእኛ አምስት፣ ከእናንተ ስድስት» አለ። «አባቴ፣ እኔ ልጁን ወድጀው ነበር። ግን ይኼ ጋብቻ አይደለም፤ የዘመድ ጉባኤ ነው።»

አያትየው ጭራቸው አየር ላይ ቀረ።

«ዝም ቢሉ ኖሮ» አለች አክስቴ በሹክሹክታ፣ «እስካሁን ተቀምጠው ነበር።»

ሽማግሎቹ እንደቆሙ ሄዱ። ልጅቱ ከመጋረጃው ኋላ አላለቀሰችም፤ የነጠላዋን ጥለት ብቻ ክር በክር ትተረትር ነበር። እሱ ነው እኔን ያስፈራኝ። ይቺ ልጅ አንዴ ልቧን ካስቀመጠች የማታነሣ መሆኗን አውቃለሁ፤ አባቷም ሰባት ቤት ካልሞላ ማተቡን ቢበጥሱት እሺ የማይል ሰው ነው።

በማግሥቱ ሱቄ መጣች። ልጁም ከኋላዋ ራቅ ብሎ፣ እንደ ተከሰሰ ሰው።

«እትዬ፣ አጥፊው!»

«ምኑን ላጥፋው ልጄ?»

«ይኼን ሊንክ! ማን ነው የእሱን ቤት እኒያ ሰውዬ ላይ የሰቀለው?»

ገጼ ማን ምን እንደጨመረ ይመዘግባል። የጨመረው ሰው ስም ከነቀኑ ይቀመጣል፤ ያቺን ቁልፍ ሳስገባ ይኼን የሠራሁት ሲጣሉ እንድገላግል ነበር። ከፈትሁት። አነበብሁት። ልጁን ቀና ብዬ አየሁት። ልጁ ጣሪያውን አየ።

«አንተ ነህ?» አለችው።

«አያቴ ናቸው ያዘዙኝ! ተማሪ ነበርሁ እኮ፤ እሳቸው እየነገሩኝ እኔ ጻፍሁ። ያኔ አንቺን የት አውቅሽና!»

«እኔን ባታውቀኝስ? ጋይንት ብትሄድ እኅትህ፣ ስማዳ ብትቀር እኅትህ፣ እስቴ ብትመጣ እኅትህ! ምን ነበር ያሰብኸው፣ ልትመነኩስ ነው?»

«አላሰብሁበትም።»

«አዎ ወንድሜ፣ አላሰብህበትም» አለችው። ወንድሜ ስትለው ልጁ ፊቱ እንደ በርበሬ ቀላ።

መደምሰሱ ለእኔ አንድ ጣት ነው። ግን ነገሩ እንዲያ አይደለም። ወንድሜ አይቶታል፤ ሽማግሎቹ አይተውታል፤ አንዱማ በስልኩ ፎቶ አንሥቶ በቴሌግራም በትኖታል። ከገጹ የጠፋ ነገር ከሰው ስልክ አይጠፋም። እኔ በስውር ብደመስሰው «አክስቲቱ ለወንድሟ ልጅ ስትል ዘር ፋቀች» ይባላል፤ ያኔ ደግሞ ልጆቹን ማንም አይድራቸውም። ከባለ ነጋሪቱ ላይ ያን ቤት ሊያወርደው የሚችል የሰቀለው ሰው ነው። እሱም አፉን ከፍቶ፣ ሰው ፊት። ይኼንኑ ነገርኋቸው። ተያዩ። አያትየው እንዲህ ያለ ነገር የሚናገሩት በምጽአት ቀን ነው።

አያትየው ግን በገበያ ቀን ራሳቸው መጡልኝ። ሱቁን ዞር ዞር ብለው አዩና ወንበሩን ሳብ አደረጉ።

«አንቺ ነሽ የዚህ ነገር እመቤት?»

«ነኝ አባቴ። ምን ልታዘዝ?»

«ስድስቱን ስምንት አድርጊልኝ።»

«እንዴት አድርጌ?»

«በእኔና በባለ ነጋሪቱ መሃል ሁለት ሰው ሰካ ሰካ ነዋ። ደኅና ደኅና ሰው ይሁኑ ታዲያ።»

«አባቴ፣ አያት እንደ አጥር እንጨት ይሰካል እንዴ? በእኛ በኩል ያለው አምስትስ?»

«የእናንተንም አስረዝሚው። ማን ከለከለሽ?»

«አባቴ የቆጠረውን? ከመቃብሩ ተነሥቶ ይመጣብኛል።»

«ሁሉም ሲጨምር ዝም ያልሽ ሴትዮ ዛሬ እኔ ላይ ሃይማኖተኛ ሆንሽ» ብለው አኮረፉ። እውነታቸውን ነው፤ ምን እላለሁ። ስለዚህ ስክሪኑን ወደሳቸው አዞርሁና የባለ ነጋሪቱን ልጆች ዝርዝር ከፈትሁላቸው። ድቁና የተማሩ ሰው ናቸው፤ ፊደል አያቅታቸውም። በጣታቸው እየተከተሉ ወረዱ። አንድ ቦታ ሲደርሱ ጣታቸው ቆመ።

«ይኼ ደግሞ ከመቼ ወዲህ ነው? ይኼ የእኛ ጎረቤት ነው! የዚህ ሰው አያት ከላስታ በረኃብ ዘመን የመጣ ነው!»

«እሱም ስለ እርስዎ እንዲሁ ብሎ ጽፎ ነበር፤ እኔ ነኝ የሰወርሁት» አልኋቸው።

«ምን ብሎ ጻፈ?»

«እርስዎ ይንገሩኝ እንጂ።»

ደጅ አህያ ያናፋል፤ ረዳቱ «ደብረ ታቦር፣ ደብረ ታቦር» ይጣራል። ኋላ ጭራቸውን ጉልበታቸው ላይ አስተኙትና «ጫኝ ነበር» አሉ።

«ማን?»

«የእኛ አባት። ባለ ነጋሪቱ ሲነሡ ነጋሪቱን በቅሎ ላይ የሚጭን እሱ ነበር። ልጃቸው አይደለም። ቤታቸው ግን ነበር፤ እንጀራቸውን በልቷል። አያቴ ይኼን ሲነግረኝ አንገቱን ደፍቶ ነበር። እኔም አንገቴን ደፍቼ ሰማሁት። እንግዲህ ለልጁ ደግሞ አንገት መድፋት ላውርሰው?»

«ታዲያ ባለ ነጋሪቱን አወረሱት፤ እነሆ ሚስት ከለከሉት።»

ሳቅ ያልሁባቸው መስሏቸው ቀና ብለው አዩኝ። አልሳቅሁም።

«ከዚያን ቀን ወዲህ ከእኔ ጋር አብሮ አይበላም» አሉ። «አልጠላኝም። ብቻ ‹ጠግቤያለሁ አባባ› ይለኛል። በስውር አጥፊልኝ፣ ልጄ።»

«በስውር የጠፋ ነገር በአደባባይ ይወራል፣ አባቴ። ሰቃዩ እርስዎ፣ አውራጁም እርስዎ።»

ደኅና ዋይም ሳይሉኝ ወጡ። በቃ፣ ተበላሸ አልሁ።

ለሁለተኛ ጊዜ ሽማግሌ ይመጣል ሲባል ወንድሜ «ምን ሊያደርግ?» ብሎ ተቆጣ፤ ግን ሽማግሌ ከደጅ አይመለስም። እንደ በፊቱ መጡ፤ እንደ በፊቱ ቆሙ። እኛም እንደ በፊቱ ከመጋረጃው ኋላ። አያትየው ዛሬ ጭራ አልያዙም።

«እንግዲህ የመጣነው» አሉና ቆሙ። ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «የመጣነው ልጃችሁን ፈልገን ነው። ባለፈው ጊዜ የባለ ነጋሪቱ ልጆች ነን ብዬ ነበር። አይደለንም። የእኛ አባት ነጋሪቱን የሚጭን ሰው ነበር። የልጅ ልጄ በእኔ ትእዛዝ ነው የጻፈው፤ እሱ አያውቅም ነበር። ዛሬ እዚሁ ፊታችሁ ይፋቅ።»

ከሽማግሎቹ አንደኛው፣ የስማዳ ሰው፣ «እውነት ነው፤ እኛም በልጅነታችን እንዲያ ነበር የምንሰማ» አለ። ወንድሜ ጠራኝ። ስልኬን ይዤ ወጣሁና ሊንኩን አሳየኋቸው፤ አያትየው «በኔ ጣት» አሉ። አመልካች ጣታቸውን እንደ ማኅተም አድርገው ጫኑት። ጠፋ።

«እኔ ጋ አልጠፋም!» አለ ወንድሜ ስልኩ ላይ አፍጦ። «እኔ ጋ አሁንም የባለ ነጋሪቱ ልጅ ናቸው!»

«እንዴ!» አሉ አያትየው። «ስገባ ማንም አልከለከለኝ፤ ልውጣ ስል እንዲህ ልለምን?»

ስልክ ቀደም ብሎ ያየውን ገጽ እንደገና ላለማምጣት ለራሱ ቅጂ ያስቀምጣል፤ ወንድሜ ጧት ለጠቡ ሲዘጋጅ ከፍቶት ኖሯል። ይኼን ማስረዳት ጀምሬ ተውሁት። ስልኩን ከእጁ ወስጄ ገጹን በጣቴ ወደ ታች ሳብሁና ለቀቅሁት። ያቺ የምትዞር ክብ መጣች። ዞረች፤ ዞረች። ኔትወርኩ በዚያች ሰዓት ወዴት እንደሄደ እንጃ። ሽማግሎቹ ሁሉ ስልኩ ላይ አጎንብሰው፣ ልጅቱ ከመጋረጃው ኋላ አንገቷን አውጥታ፣ ቤቱ ሁሉ ትንፋሹን ይዞ አንዲት ክብ ያያል። ገጹ ነጭ ሆነ። ከዚያ ስሞቹ አንድ በአንድ መጡ። የአያትየው ቤት የለም።

«ጠፋሁ?» አሉ አያትየው ቀስ ብለው።

ወንድሜ ስልኩን የት እንደሚያስቀምጠው አላወቀም። አክስቴ መጋረጃውን ገልጣ ወጣች።

«ምን ጠፋሁ ይላሉ? ነጋሪት ያለ ጫኝ ከግምጃ ቤት ወጥቶ ያውቃል? ያ ሁሉ ጩኸት የማን በቅሎ ላይ ሆኖ ነው የተሰማ? በሉ ይቀመጡ፤ እግርዎ አለቀ።»

አያትየው ወንድሜን አዩት። ወንድሜ ተነሥቶ ወንበሩን ራሱ አቀረበላቸው። ተቀመጡ። ሽማግሎቹም ተከትለው ተቀመጡ፤ በእኛ አገር ሽማግሌ ከተቀመጠ ልጅቱ ተሰጥታለች ማለት ነው። ያን ቀን ልጁ ከአያቱ ጋር ከአንድ መሶብ ሲበላ አየሁ፤ ጠግቤያለሁ አላለም።

ወሬው ግን ከሠርጉ ቀድሞ አገሩን ዞረ። በቀጣዩ ገበያ ሱቄን ስከፍት ደጃፉ ላይ ሰው ቆሟል። የደረሰች ልጅ ያላት እናት፣ ወንድ ልጁ የላይ ጋይንት ልጅ የወደደበት አባት፣ ለወንድሟ ልጅ ያሰበቻት ልጅ ባለ ነጋሪቱ ላይ የተገናኘችባት አክስት። ሁሉም አንገቱን ወደኔ ዘንበል አድርጎ በለሆሳስ «ከእኒያ ሰውዬ አውጪን» ይለኛል። አንዱ ሸማኔ ነበርን፣ አንዱ ከደብር ተልከን የመጣን ነን፣ አንዷ ደግሞ «እኛ ማን እንደሆንን አናውቅም፤ ብቻ ልጄ ታግባ» አለችኝ። ሁሉንም ሰው ፊት ካልተናገራችሁ አልፍቅም እያልሁ ደጄን የንስሐ ደጅ አደረግሁት። ባለ ነጋሪቱ በሳምንት ውስጥ ልጆቻቸው ረገፉና እንደ ሰው የሚቆጠሩ ሆኑ።

ከሰልፉ ኋላ ግን አንድ ሽማግሌ ዝም ብለው ቆመዋል። ተራቸው ሲደርስ «አንቱስ አባቴ፣ ልፋቅዎ?» አልኋቸው።

«ምን ሲደረግ!» አሉኝ። «የመጨረሻዋን ልጄን ባለፈው ጥር ድሬያለሁ። የመጣሁት እንዳትፊቂኝ ልነግርሽ ነው።»